የፈሰሰውን ማን ጠጣው?

ባለመርፌዋ ዕድሜዋ ሃምሳ አንድ ነው። አውቶቡስ ላይ ግን የስልሳ ዓመት ሽማግሌ ተነስቶላት ያስቀምጣታል። በፊት በፊት «ኧረ ይቀመጡ አባቴ፣ እኔ ልጅዎ ነኝ» ትል ነበር፤ አሁን ትታዋለች። ቁጭ ትላለች፣ የመርፌ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ ታደርጋለች፣ ዓይኗን ትከድናለች። ድካም አንዴ ጓዙን ጠቅልሎ ከገባ እንግዳ አይደለም፤ የቤቱ ጌታ ነው፤ ተነስ ቢሉት አይነሳም።

ሥራዋ ጊዜ መጣፍ ነው። እሷ በምትኖርበት ዓለም ይህ እንደ ቧንቧ ጥገና ያለ ተራ ሙያ ነው፤ ማንም አይደነቅበትም፣ ሲዘገይ ብቻ ይሰደብበታል። ትምህርቱም ረጅም አይደለም። ዓለማት ብዙ ናቸው፤ ሳጥን ውስጥ ተጣጥፎ እንደተደራረበ ብርድ ልብስ አንዱ ባንዱ ላይ ተኝቷል። የእያንዳንዱ ዓለም ጨርቅ ደግሞ ጊዜው ነው። ሰው ጊዜን ወንዝ ነው ይላል፤ አይደለም። ጊዜ ካለበት አይነቃነቅም፤ እኛ ነን በላዩ ስንመላለስ የምናሸው። አንድ ሰው ዓመት ከዓመት አንድ ቦታ ላይ ያንኑ ነገር ሲደጋግም፣ ያ ቦታ እንደ ሱሪ ጉልበት ይሳሳል። በሳሳው በኩል ጊዜ ያፈሳል፤ እዚያ አጠገብ ጠዋት የተገዛ ዳቦ ለምሳ ይደርቃል፣ ሻይ ሳይጠጡት ይቀዘቅዛል፣ ሰው ሳይኖር ያረጃል። ጆሮ ለሰጠው ደግሞ የጎረቤት ዓለም ድምፅ ይሰማበታል፤ ከሰባት ብርድ ልብስ ሥር ሆኖ እንደሚያወራ ሰው፣ ድምፁ እንጂ ቃሉ የማይለይ። ቃሉ ከተለየ ጨርቁ ሊቀደድ ነው።

ጠጋኞቹ በሚሠሩበት ቤት ግድግዳ ላይ ሦስት መስመር በቀለም ተጽፏል፦

ጊዜ አይሄድም፤ ይታሻል።
የታሸ ይሳሳል።
የሳሳ ያፈሳል።

ከሥሩ ደግሞ በእርሳስ አራተኛ መስመር አለ፦ የፈሰሰውን ጎረቤት ይጠጣዋል።

ይህን በእርሳስ የጻፈው ባሏ ነበር። እሱም ጠጋኝ ነበር። «ዝም ብሎ የሚጠፋ ነገር የለም፤ ከእኔ የጎደለው ለአንዱ መትረፍ አለበት» ይል ነበር። ማንም አላረጋገጠለትም፤ ጠጋኝ የሚለካው የራሱን ወገን ብቻ ነው፣ ማዶ ተሻግሮ ለክቶ የመጣ የለም። መስመሩ ግን ያምራል፤ ያማረ ነገር ላይ ደግሞ ላጲስ የሚያነሳ ማን ነው? ባሏ በሳል ታሞ፣ ሳንባው አልችል ብሎት ከሞተ ሰባት ዓመቱ ነው። እርሳሱ ግን እስከዛሬ አለ።

ማክሰኞ ረፋድ ላይ ከባልደረባዋ ጋር አንድ ጸጉር ቤት ተላኩ። ባልደረባዋን ሁሉም «ጉልበቴ» ይሏታል፤ ደረጃ ባየች ቁጥር «ወይ ጉልበቴ!» ስለምትል ነው።

ጸጉር አስተካካዩ በር ላይ ጠበቃቸው። «የሰውየውን ቀኝ ጉንጭ ላጭቼ ወደ ግራው ስዞር ቀኙ ይበቅላል! ትናንት አንዱን ሦስቴ ዞርኩት። እሱ ያንኮራፋል፣ እኔ እሽከረከራለሁ።»

«ታዲያ ምን አስከፋህ? ደንበኛ አይጠፋብህ» አለች ጉልበቴ።

«ሳቂ አንቺ እህቴ» አለና ወደ ባለመርፌዋ ዞረ። «እትዬ፣ እርስዎ ይፍረዱኝ። ባለፈው ጥቁር ጸጉር ይዞ የገባ ሽበት ይዞ ወጣ። ሚስቱ መጥታ ‹ባሌን መልስልኝ› አለችኝ። ከየት አምጥቼ ልመልስ?»

ባለመርፌዋ ሦስት ብርጭቆ ትኩስ ሻይ በወንበሩ ዙሪያ ደረደረች። ቶሎ የቀዘቀዘው የሳሳውን ቦታ ይናገራል። የሙከራ ሻይ አይጠጣም፤ ጊዜው ያለቀበት ነገር ሆድ ይነፋል ይላሉ፣ ትደፋዋለህ። ቦታው የወንበሩ ጀርባ ሆኖ ተገኘ፤ ሰውየው ሃያ ሁለት ዓመት ቆሞ መቀስ ያንቀጫቀጨበት። ጉልበቴ ከቦርሳዋ አንዲት የሕፃን ሹራብ አወጣች፤ ተሠርታ ሳትለበስ የጠበበች። ለመጣፊያ የሚሆነው ጨርቅ እንዲህ ያለው ነው፦ ለአንድ ቀን ተብሎ ተቀምጦ ያ ቀን ያልመጣለት፣ ጊዜው ያልታሸ።

አንዷ ከወንበሩ ወዲህ አንዷ ከወዲያ ሆነው ሰፉ። ሊቋጠር ሲል መርፌ እንዳይወጋ የሚጠለቀውን የጣት ቆብ በመቀሱ ጀርባ ሦስት ጊዜ ማንኳኳት አለ፤ «እጅህን ሰብስብ፣ ላጠብቅ ነው» ማለት ነው። ያኛው ወገን የሰማ እንደሆነ ሦስት ይመልሳል። ባለመርፌዋ አንኳኳች። ጉልበቴ መለሰች። ቋጠሮው ጠበቀ።

ሲወጡ ጉልበቴ ክንዷን ያዘቻት። «ሰማሽው አይደል? እኔን ‹እህቴ›፣ አንቺን ‹እትዬ›። በአምስት ዓመት ታላቅሽ ነኝ እኮ!»

«ቀለም ተቀብተሽ ስለመጣሽ ነው።»

«ተይ አንቺ። ቤትሽ ስስ አለ።»

«ሸክላ ሠሪ በገል ይበላል ሲባል አልሰማሽም?»

«በገል ብዪ፣ ማን ከለከለሽ? ራስሽን አትብዪ እንጂ» አለችና ደረጃውን አይታ «ወይ ጉልበቴ!» አለች።

እውነቷን ነበር። ስሱ ማድቤት ውስጥ ነው፣ ከዕቃ ማጠቢያው ጎን ያለው ጥግ። ሃያ ዓመት ሙሉ በየጠዋቱ እሷ ብርጭቆ ስታጥብ እሱ በፎጣ ያደርቅ ነበር። እሷ ታቀብላለች፣ እሱ ይቀበላል፤ ጣት ጣትን ይነካል፤ ውኃው ይንጠባጠባል፤ እሱ ራሱ የገጠማትን ያንጎራጉራል፦

ጊዜ ጨርቅ ነው አሉ፥ ይሳሳል ሲታሽ፤
እኔም አንቺን ብዬ፥ ሆንኩኝ እንደ ሻሽ።

«የሞተ ግጥም!» ትለው ነበር ሳሙና እየረጨችበት። «ሻሽ ብሎ ሙገሳ!»

ከሞተ በሦስተኛው ወር አንድ ጠዋት ብቻዋን እያጠበች ሳለ፣ ከዚያ ጥግ ሌላ ብርጭቆ ሲንቃጨል ሰማች። ፎጣ ሲፋተግ ሰማች። ከዚያ ሳል። ከዚያ ቃል የሌለው እንጉርጉሮ፤ ዜማው ግን ያው ነው፣ መውጫው ላይ እንደ ልማዱ ያበላሸዋል። እጇ ውኃው ውስጥ እንዳለ ቀረ። ገባት፦ በጎረቤት ዓለም የሞተችው እሷ ናት። እሱ አለ፤ ብቻውን ያጥባል፣ ብቻውን ያደርቃል።

ደንቡ ግልጽ ነው፤ ጠጋኝ በቤቱ ስስ ካገኘ ዕለቱን ያስመዘግባል። አላስመዘገበችም። ሻይዋን ጥጉ ላይ አስቀመጠች፣ ወዲያው ቀዘቀዘ፤ የባሏ አራተኛ መስመር ትዝ አላት። እዚህ በዚያ ሳል ሞቷል። እዚያም ያው ሳል አለ፣ ሰውየው ግን ቆሟል። ታዲያ በምን ቆመ? በእኔ ነዋ፣ አለች። የእኔ ዕድሜ ወደሱ እየፈሰሰ ነዋ።

ስለዚህ ድካሟን አልጠላችውም። ጉልበቷ ሲዝል «ዛሬ ደረጃ ወጥቶ ይሆናል» ትላለች። ሽበት ስታይ «ይሄ ለክረምቱ ብርድ ነው» ትላለች። እናት ጡቷ ሲደርቅ ሕፃኑ ሲወፍር አይታ እንደምትጽናና ነበር መጽናናቷ። ሰባት ዓመት ሙሉ ያለ ስስት ፈሰሰች።

ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ልጇ መጣች። ወሯ ገብቷል፤ ባሏ ለሥራ ራቅ ያለ ቦታ ነው፤ ቅዳሜ ጓዟን ይዛ ገብታ እናቷ ጋ ልትወልድ ተስማምተዋል። ለዛሬ የተፈታታ የሕፃን አልጋ አስጭና ነው የመጣችው።

«እማዬ፣ አልጋውን እዚህ ጥግ አደርገዋለሁ። ምድጃው አጠገቡ ነው፣ ይሞቃል።»

«እዚያ አይሆንም።»

«ለምን?»

«ይበርዳል።»

«ማድቤት ይበርዳል? አንቺ ሴትዮ፣ አሁንስ እውነትም አረጀሽ!» ብላ ሳቀችና ጥጉ ውስጥ ባለው ያባቷ በርጩማ ላይ ዘፍ አለች። «ትንሽ ልረፍ፣ እግሬ አብጧል።»

ባለመርፌዋ ልብሱን ከገመድ አንስታ እስክትመለስ ብላ ወጣች። ጎረቤት ያዘቻት፤ የጎረቤት ወሬ ደግሞ ጫፉ ከተያዘ አይበጠስም። ግማሽ ሰዓት ሆነ። ስትመለስ ልጅቷ እንቅልፍ ወስዷት ኖሮ እየነቃች፣ እጇን ፊቷ ላይ ዘርግታ ታያለች።

«እማዬ፣ ጥፍሬን ዛሬ ጠዋት ነበር የቆረጥኩት። እይው እስቲ።»

ጥፍሮቿ ከጣቷ አልፈው ወጥተዋል።

«ደግሞ ይሄ ልጅ ምን ነካው? እንዲህ ከብዶኝ አያውቅም።»

«ተነሺ!»

«ምነው?»

«ተነሺ አልኩሽ!» በሕይወቷ እንዲህ ጮኻባት አታውቅም።

ልጅቷ ተነሳች። የሁለት ጠጋኞች ልጅ ናት፤ ብዙ ማስረዳት አላስፈለጋትም። ጠረጴዛው ላይ ያለውን ቀዝቃዛ ሻይ አየች፣ ጥጉን አየች፣ የእናቷን ፊት አየች።

«ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ከአባትሽ ወዲህ።»

«ይሰማል?»

«ይስላል። ያንጎራጉራል።»

ልጅቷ አፏን በእጇ ያዘች። እንባዋ በጣቶቿ መሀል ወረደ። «እና አንቺ ሰባት ዓመት ሙሉ… እኔ እኮ በሐዘን ያረጀሽ መስሎኝ ነበር!»

«በእኔ ነው የሚኖረው ልጄ። ብጥፈው ሁለተኛ ገደልኩት ማለት ነው።»

ልጅቷ ጫማዋን ማጥለቅ ጀመረች፤ ሆዷ አላስጎነብስ ስላላት እናቷ ተንበርክካ አጠለቀችላት።

«ምረጪ አልልሽም እማዬ። እኔም አባቴን አልገድልም። ግን ልጄን እዚህ አላስተኛም። አልመጣም፤ እዚያው እወልዳለሁ።»

«ብቻሽን?»

«ብቻዬን።» ቁጣ የለበትም፤ ቁጣ ቢኖርበት ይሻል ነበር። የአልጋው እግሮች ግድግዳ ተደግፈው ቀሩ።

ዓርብ የዕረፍት ቀኗ ነው። ከምሳ በኋላ ፀሐይ በመስኮቱ ገብታ ጥጉ ላይ ስትደርስ ከቁም ሳጥኑ ሥር አንድ ሸሚዝ አወጣች። ባሏ ሳይለብሰው የሞተ ሸሚዝ ነው፤ ለልጃቸው ምርቃት ተገዝቶ፣ አንገቱ ላይ ያሉት ስፒሎች እንኳ አልተነቀሉም። ከዚህ የተሻለ መጣፊያ በሥራ ቤቱ ሁሉ የለም። በርጩማው ላይ ተቀመጠች። ሻይ ቀዳች፤ ወዲያው ቀዘቀዘ። ክር አስገባች፤ መርፌው ግን አልሄድ አለ። በአንድ በኩል ያልተወለደ፣ በሌላ በኩል ሞቶ ያልሞተ። መሀል ላይ አንዲት የደከመች ሴት፣ ክር አንጠልጥላ።

ማዶ በርጩማ ተንቋቋ። መጥቶ ተቀመጠ። ብርጭቆ ሲያስቀምጥ ተሰማት። ከዚያ፣ በሰባት ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ቃሉ ተለየ፦

«ይኸው… ገና ሳልቀምሰው ቀዘቀዘ።»

መርፌው ከእጇ ወደቀ። ቃል ከተለየ ጨርቁ ሊቀደድ ነው፤ ያን ታውቃለች። ግን የደነገጠችው ለጨርቁ አልነበረም።

ሳለና ቀጠለ፤ እንደ ድሮው ለብቻው ሲሆን የሚያወራው ወሬ። «ይሁን። አንቺ ጠጪው። ይድረስሽ እንጂ እኔስ ለምጄዋለሁ።»

ባለመርፌዋ የራሷን ብርጭቆ ዳሰሰች። በረዶ ነው። የእሱም ቀዝቅዟል። ከእሷ የፈሰሰው ወደሱ ቢገባ ኖሮ የእሱ ሻይ ሲተን በዋለ። ከእሱ የፈሰሰው ወደሷ ቢመጣ ሽማግሌ ባልተነሳላት። ሁለቱም ሲያፈሱ ኖረዋል፣ አንዱም አልጠጣም። ያ ሁሉ ዕድሜ በሁለቱ ብርድ ልብስ መሀል ባለው ባዶ ላይ ሲንጠባጠብ ኖሯል። እሱም እዚያ፣ በዚያኛው ግድግዳ ላይ፣ ያችኑ መስመር በእርሳስ ጽፎ አምኗታል።

ሳቅ መጣባት፤ የደከመ፣ ትከሻን ብቻ የሚነቀንቅ ሳቅ። ወደ ጥጉ ጎንበስ አለች።

«አንተ ሞኝ። አልጠጣሁትም እኮ!»

ማዶ ብርጭቆ ተንቃጨለ።

«የእኔም ቀዝቅዟል» አለች። «ማንም አልጠጣውም።»

ከዚያ በጣም በቀስታ፣ «የአንቺም?»

«የእኔም።»

«ታዲያ ሰባት ዓመት ምን ሠራን?»

«ናፈቅን። ሌላ ምን ሠራን።»

አንድ ነገር ሊል ሲል ሳሉ ቀደመው። ጠበቀችው፤ ሳሉን መጠበቅ ታውቅበታለች። ሲጨርስ እሷ ቀጠለች፦ «ልጃችን ልትወልድ ነው።»

«እዚህም።»

«አልጋውን እዚህ ጥግ ካላደረግኩ ብላ…»

«እዚህም!» አለ፤ ሳቁና ሳሉ ተደባለቁበት። «ትናንት ጥፍሯን አሳየችኝ። ጮኽኩባት። እኔ፣ በሷ ላይ!»

ከላይ ከጥጉ ጫፍ ላይ አንድ ክር ጧ ብሎ ሲበጠስ ሁለቱም ሰሙት። ሁለቱም ሙያተኞች ናቸው፤ ምን ማለት እንደሆነ የሚያስረዳቸው አያስፈልግም።

«ሸሚዝህን አውጥቼዋለሁ» አለች። «ያልለበስከውን።»

«እኔ ሻርፕሽን። አረንጓዴውን። ለምርቃቷ ገዝተሽው…» አልጨረሰም።

«ሳልህስ?»

«እንጃ። ይሄ ከተዘጋ ምናልባት ይተወኝ ይሆናል። ምናልባትም አይተወኝም። ግን የሚቀረኝ ቀን የራሴ ይሆናል፤ የልጅቷ ልጅ ያየዋል።»

ከወደቀበት መርፌውን አነሳች። ባንድ ወገን የተጣፈ ዓመት አይቆይም፣ ከሁለት ወገን የተጣፈ ግን አይከፈትም። መርፌዋ ሲያልፍ ከማዶ አንድ እጅ ሲቀበላት ታወቃት፤ ልክ ብርጭቆ ስታቀብለው እንደነበረው። የእሷ ነጭ ክር ሄዶ የእሱ አረንጓዴ ክር ይመለሳል። የእሱ ስፌት ዛሬም ይወላገዳል። «አቅና!» አለችው። «ዓይኔ ነው» አለ። «ዓይንህ ሲወለድም እንዲሁ ነበር» አለች። እያንዳንዱ ጥልፍ ሲገባ ድምፁ ትንሽ ይርቃል። የሻሹን ግጥም ጀመረላት፤ ሁለተኛው ስንኝ ላይ ሲደርስ ቃሉ ጠፍቶ ዜማ ብቻ ቀረ። ዜማው እንዳያልቅ እጇን ልታዘገይ ፈለገች። አላዘገየችም። ይልቅ በዚያው ዜማ፣ ይሰማ አይሰማ ሳታውቅ፣ በደከመ ድምፅ መለሰችለት፦

ክሩን ያዝልኝና፥ ላጥብቀው ቋጠሮ፤
በናፍቆት አይሞላም፥ የጎደለ ኑሮ።

የመጨረሻዋ ቀዳዳ ቀረች፣ የመርፌ ዓይን የምታህል። የጣት ቆቧን በመቀሱ ጀርባ አንኳኳች። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት።

መልስ የለም። ፀሐይዋ ከጥጉ ላይ ትንሽ ዞር አለች። ሰምቶ ይሆን? እጁን ሰብስቦ ይሆን? ሳትሰማ መቋጠር አትችልም፤ እጁ ውስጥ ቢኖርስ? ክሩን እንደያዘች ጠበቀች፤ በሰባት ዓመት ውስጥ እንደዚያች ቅጽበት የረዘመ ነገር አልነበረም።

ከሩቅ፣ ከጥልቅ፣ ከሰባት ብርድ ልብስ ሥር፦ አንድ። ሁለት። ሳል። ሦስት።

አጠበቀችው።

ማድቤቱ ማድቤት ብቻ ሆነ። ቧንቧው ይንጠባጠባል፣ ውጭ ልጆች ይጮኻሉ። እጇን ጥጉ ላይ አደረገች፤ ግድግዳው ወፍራምና ቀዝቃዛ ነው፣ እንደማንኛውም ግድግዳ። ሽበቷ አልጠቆረም፣ ጉልበቷ አልታደሰም፤ የፈሰሰ ዓመት አይታፈስም። ሻይ ቀድታ ጥጉ ላይ አስቀመጠች፤ ለሙከራ ነው። በርጩማው ላይ እንዳለች ጭንቅላቷ ግድግዳውን ተደገፈና ሸለብ አደረጋት። ባንና ስትነቃ ብርጭቆው አሁንም ይተናል። ደንቡን ረስታ አፏ ላይ አደረገችው። ምላሷን አቃጠላት። ዓይኗ እንባ አቀረረ፤ ከማቃጠሉ ይሁን ከሌላ እሷም አልመረመረችም፣ እስከ አተላው ጠጣችው።

ከዚያ ስልኳን አንስታ ልጇ ጋ ደወለች።

«ነገ ነይ። አልጋውን እኔ እገጥመዋለሁ፣ ጥጉ ላይ።»

«እና አባዬስ?» አለች ልጅቷ።

ባለመርፌዋ ባዶውን ብርጭቆ በሁለት እጇ አቅፋ፣ ገና ሙቀቱ አልለቀቀም፣ ግድግዳውን አየች።

«እሱም ሻዩን እየጠጣ ነው» አለች።